የጳጳሳቱ እንቆቅልሽና የእኛ ማኅበር

መርዕድን ከስንት ዘመን በኋላ ያገኘሁት ኦክላንድ ከተማ፣ ቴሜስካል በሚባለው ሰፈር ውስጥ፣ ቴሌግራፍ አቬኑ ላይ፣ ድሮ የልብስ ማጠቢያ ቤት በነበረው ጥግ ነው። ቤቱ ዛሬ የኛው ልጆች የከፈቱት ምግብ ቤት ሆኗል። ጥብሱ ይሸታል፣ በርበሬው ይሸታል፤ እኔ ግን በበሩ በገባሁ ቁጥር አፍንጫዬ ላይ የሚመጣው የሞቀ ሳሙናና የእርጥብ ጥጥ ሽታ ነው። ያን ጊዜ አንድ ማሽን ሙሉ ልብስ በኳርተር፣ በሃያ አምስት ሳንቲም፣ ይታጠብ ነበር፤ ማድረቂያው ደግሞ በዳይም፣ በአሥር ሳንቲም። እኔ እመስኮቱ ሥር ካሉት የብርቱካን ቀለም ካላቸው ወንበሮች በአንዱ ላይ እግሬን አጥፌ እቀመጥና የላቲን ሰዋስው ጭኔ ላይ ዘርግቼ ግሥ አረባለሁ። ማሽኑ ሲሽከረከር ወንበሩም አብሮ ይንቀጠቀጣል፤ የማነበው ፊደል ይዘላል። እና ባለፈው ወር እዚያው መስኮት ሥር ክትፎዬን ይዤ ተቀምጬ ሳለ አንድ ከዘራ የያዘ ረጅም ሽማግሌ መጥቶ ከፊቴ ቆመ። «ይቅርታ፣ ዶክተር ጽጌ ነዎት?» አለኝ። ድምፁን ነው መጀመሪያ ያወቅኩት። ፊቱን እርጅና ወስዶታል፣ ፀጉሩ የለም፤ ድምፁ ግን ያው በማይክሮፎን ሳይሆን በባዶ አፉ አዳራሽ የሚሞላው ድምፅ ነው። «አንተ መርዕድ፣ ዛሬ ደግሞ እርስዎ ሆንኩ?» አልኩት። ሳቀና ወንበር ሳበ።

መርዕድ ማን እንደሆነ ልንገራችሁ። ያን ጊዜ እዚህ አካባቢ የነበርነው ኢትዮጵያውያን ተማሪዎች በሙሉ በአንድ ሰው ሳሎን ውስጥ እንበቃ ነበር። ቴሌግራፍ ላይ አንድም የኛ ምግብ ቤት አልነበረም። ጫማ ሰፊ፣ የዶናት ቤት፣ ያገለገለ መጽሐፍ የሚሸጥበት ጨለማ ሱቅ፣ ከዚያ ደግሞ የወታደር ትርፍ ዕቃ የሚሸጥበት ቤት ነበር። መርዕድ አረንጓዴ ጃኬቱን የገዛው ከዚያ ነው፤ በሦስት ዶላር፤ አንድ ክረምት ሳያወልቀው ከረመ። አፍሮው በበር ሲገባ አንገቱን ያስደፋው ነበር። እኔ ቡናማ ካፖርትና ተረከዙ እንደ ጡብ የወፈረ ቀይ ጫማ ነበረኝ፤ ያን ጫማ አድርጌ ከአውቶቡስ ስወርድ ከቆሙት መኪኖች መስኮት በሚወጣው የሶል ሙዚቃ ልክ እራመድ ነበር፣ ሳላስበው። መርዕድ የተማሪዎች ማኅበራችን ሊቀ መንበር ነበረ። የእኔም እጮኛ ነበረ። ሽማግሌ የሚልክበት ቤት ውቅያኖስ ማዶ ስለነበር እኛው ራሳችን ቡና በአሥራ አምስት ሳንቲም በሚቀዳበት ቤት ቁጭ ብለን ተስማማን። አስተናጋጇ ደጋግማ በነፃ ትሞላልን ነበር፤ ለሠርጋችን የተጣለ ድግስ ቢኖር እሱ ነው።

ላቲን የጀመርኩት ፈልጌ አይደለም። የመጣሁት ታሪክ ልማር ነበር፤ ታሪክ የሚያጠና ሁሉ ደግሞ አንድ የጥንት ቋንቋ መውሰድ ነበረበት። ግሪክኛው የሚሰጠው ጠዋት በአንድ ሰዓት ሲሆን ላቲኑ በአራት ሰዓት ነው። የአውቶቡሴ ነገር ላቲንን መረጠልኝ፣ በቃ። አስተማሪያችን በሁለተኛው ዓመት ላይ መለማመጃ እንዲሆነን አጫጭር ግጥሞች አባዝቶ አመጣልን፤ ወረቀቱ ገና እርጥብ ነበረ፣ ያ ሐምራዊ ቀለም እጅ ላይ የሚቀረው ዓይነት። ርዕሳቸውን ሳይ ሳቄ መጣ። ጨው ይላል። ድመት ይላል። ወንፊት። እንዝርት። ወፍጮ። እያንዳንዱ ዕቃ ራሱ «እኔ» እያለ ይናገራል፤ ተወልጄ እንዲህ ሆንኩ፣ እንዲህ ተደረግኩ ይላል፤ አንባቢው ማንነቱን ይፈታል። እንቆቅልሽ ነው! ከእናቴ ጓዳ የማውቀው ዕቃ ሁሉ የላቲን ካባ ደርቦ ተሰልፎ ጠበቀኝ። ማን ነው የጻፈው ብዬ ብጠይቅ፣ ከአንድ ሺህ ሁለት መቶ ዓመት በላይ የሆናቸው የእንግሊዝ አገር ጳጳሳትና አበ ምኔቶች ናቸው አለን፤ አንግሎ ሳክሰን የሚባሉት።

አሁን እንግሊዝ ሲባል የምታስቡትን ትታችሁ ስሙኝ። ያን ጊዜ እነዚያ ሰዎች የዓለም ጥግ ላይ፣ ጭቃና ጉም ውስጥ የሚኖሩ፣ አያቶቻቸው ለዛፍ ይሰግዱ የነበሩ፣ ከመጽሐፍ ጋር ገና ትናንት የተዋወቁ ሰዎች ናቸው። ላቲን የእናታቸው ቋንቋ አይደለም። ከብራና ላይ፣ ፊደል በፊደል፣ በብርድ በደነዘዘ ጣት ነው የተማሩት። የሮም ሰው አፋቸውን ሲሰማ እንደሚስቅባቸው ያውቃሉ። ታዲያ ምን አደረጉ? አንዱ ተነሥቶ በዚያው በተውሶ ቋንቋ፣ በጥብቁ የሮማውያን የግጥም ልክ፣ ከጨው ጀምሮ እስከ ፍጥረት ዓለም ድረስ እንቆቅልሽ ደረደረ። ከኔ ወገን ይህን ጥበብ የደፈረ እኔ የመጀመሪያው ነኝ ብሎም ጻፈ፣ አላፈረም። ሌላው ባሕር ተሻግሮ ለስብከት ከሄደበት አገር ሆኖ፣ ስለ በጎነትና ስለ ኃጢአት የገጠመውን እንቆቅልሽ እህቴ ለሚላት ሴት ሰደደላት። አንቺ እንዝርትሽን ያዢ አላላትም፤ ታነበዋለች ብሎ ነው የሰደደላት። እኔ ያን ሁሉ ያነበብኩት በዚያ ልብስ ማጠቢያ ቤት ነው። ዘግይቶ የመጣ ሰው፣ ቀድመው የነበሩትን በገዛ ቋንቋቸው አሳያችኋለሁ ሲል ምን እንደሚሰማው ማንም ሊያስረዳኝ አያስፈልግም ነበር። በየቀኑ በአውቶቡስ ይዤው የምሄደው ስሜት ነው።

የዶክትሬት መመረቂያዬን በዚህ ላይ ነው የምሠራው ብዬ ለአማካሪዬ ስነግራቸው ፒፓቸውን ከአፋቸው አወጡ። ደግ ሰው ነበሩ፣ ነጭ ጢማቸው በትንባሆ ቢጫ የሆነ። ክፋታቸውም በደግነት የተጠቀለለ ነበር። «ሚስ ጽጌ፣ እርስዎ እኮ የራስዎ ሀብት አለዎት። ግዕዝ አለ። ቅኔ አለ። ለምን በሰው እርሻ ይደክማሉ?» አሉኝ።

«ፎቅ ላይ ግዕዝ የሚያስተምሩት ፕሮፌሰር የየት አገር ሰው ናቸው?» አልኳቸው።

«የኔብራስካ።»

«ያ የበቆሎ አገር ነው፤ ስለ በቆሎ ይጻፉ ያላቸው ሰው አለ?»

ፒፓቸውን መልሰው አፋቸው ውስጥ ከተቱ። ሆዴ ውስጥ ግን ገና ያልተናገርኩት ነበረ። ቅኔ ያንቺ ነው ይሉኛል። አባታችን ቅኔ ቤት የላከው ወንድሜን ነው። እኔ የደጁን አጥር ተደግፌ የልጆቹን ጩኸት ስሰማ «አንቺ ልጅ፣ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?» ተብዬ ተባርሬ አውቃለሁ። የራስሽ ነው የሚሉኝ ቤት በሩ የተዘጋብኝ ነው፤ የሰው ነው የሚሉኝ ቤት ደግሞ በአውቶቡስ ቲኬት የሚገባበት ነው። የትኛው ነው የኔ? ይህን በእንግሊዝኛ እንዴት እንደምለው ስላላወቅኩ፣ «ርዕሴን አልቀይርም» ብቻ ብያቸው ወጣሁ። አልቀየርኩምም።

ይህኛው ሰው ያሸነፍኩት ሰው ነው። የባሰው የመጣው ከወገን ነው። አገር ቤት የሆነውን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ ረሃቡም፣ ጩኸቱም፣ ለውጡም በየሳምንቱ በሌላ ወሬ ይደርሰን ነበር። የማኅበራችን ስብሰባ የሚደረገው ዳውንታውን ኦክላንድ አካባቢ በአንድ ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ነው፤ ቅዳሜ ከምሳ በኋላ፤ የሚታጠፍ የብረት ወንበር፣ በትልቅ ጀበና መሰል ማሽን የሚፈላ ቡና፣ ከጣሪያው ሥር የሚንኳኳ የውሃ ቧንቧ። አንድ ቅዳሜ አጀንዳው እኔ ሆንኩ። መርዕድ አስቀድሞ አልነገረኝም። ከፊት ቆሞ፣ ያን አረንጓዴ ጃኬት ለብሶ፣ «አንዲት ጓዳችን ሕዝብ እየሞተ የእንግሊዝ ቄሶች እንቆቅልሽ ታጠናለች። ማኅበሩ ዝም ብሎ ማየት የለበትም። ግለ ሂስ ታድርግ» አለ። ስሜን እንኳ አልጠራም። ማታ ማታ በስልክ ጽጌዬ የሚለኝ ሰው አንዲት ጓዳችን አለኝ።

ተነሣሁ። ግለ ሂስ እንዴት እንደሚደረግ ሁላችንም እናውቃለን፤ ሰው አንገቱን ደፍቶ ራሱን ይሰድባል፣ ከዚያ ይቀመጣል፣ ከዚያ ቡና ይጠጣል። ቀላል ነበር። ርዕሴን እንደምቀይር ብናገር ያ ቀን አልፎ ነበር፤ የታሰበው ትዳሬም ይተርፍ ነበር። ሁሉንም አየኋቸው። አብሬያቸው የታመምኩ፣ አብሬያቸው የተራብኩ ልጆች ናቸው።

«እንቆቅልሽ!» አልኳቸው።

ከኋላ አንድ ሰው ልማድ ሆኖበት «ምን አውቅልሽ» ብሎ አመለጠውና አፉን ያዘ።

«አምስት ወንድማማቾች ነን፣ ከአንድ ግንድ የበቀልን። አፍ የለንም፤ ጌታችን አፍ ሲያጣ ግን እኛን ወደ ላይ ይልከናል። እኛ ከቆምን ሰው ከቤቱ ይወጣል። እኛ ማን ነን?»

ቧንቧው ተንኳኳ። አንዷ ሴት ወለሉን አየች። መርዕድ ጥርሱን ነክሶ፣ «ይህ ቀልድ ነው። ጓዶች፣ ድምፅ እንስጥ። ከማኅበሩ ትሰናበት የምትሉ እጃችሁን አውጡ» አለና የራሱን እጅ ከሁሉ ፊት አነሣ። ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ሌላው። ጣቶቹን አየኋቸው፤ አምስት፣ አምስት፣ አምስት ሆነው ቆሙ።

«አወቃችሁት» አልኳቸው። «እንግዲህ አገር አትሰጡኝም ማለት ነው።»

ካፖርቴን አንሥቼ ወጣሁ። ያን ቀን ውጭው ፀሐይ ነበረ፤ ከተማው መሐል ያለው ሐይቅ ዳር ድረስ በእግሬ ሄድኩ፤ ዳክዬ የሚመግቡ ሰዎች መሐል አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ማልቀሴን አልደብቅም። እያለቀስኩም ቢሆን ያቺን እንቆቅልሽ በላቲን ልክ ማስገባት ይቻል ይሆን ብዬ አሰብኩ። ቀለበት አልነበረንም፤ የሚመለስ ነገር አልነበረም። መርዕድ ከዚያ በኋላ አልደወለም፤ እኔም አልደወልኩም። በዓመቱ አገር ቤት ገባ ሲሉ ሰማሁ።

ከዚያ ወዲያ ያለው ኑሮዬ የአውቶቡስና የሩጫ ኑሮ ነው። ቀን ዳውንታውን በአንድ መሥሪያ ቤት ታይፕ እመታለሁ፣ ማታ ስለ ጳጳሳቱ እጽፋለሁ። የኛ ሰው ድግስ ሲኖር አልጠራም ነበር፤ መንገድ ላይ ሲያዩኝ ወደ ማዶ የሚሻገሩም ነበሩ። ለዶክትሬቱ ፈተና ስቀርብ ያን ቀይ ጫማ አደረግኩ። አማካሪዬ ከፈታኞቹ ሁሉ ከባዱን ጥያቄ ጠየቁኝ፤ ስመልስላቸው ፒፓቸው ጠፋባቸው። ሲያልቅ ኮሪደሩ ላይ ተከትለውኝ መጥተው፣ «ስለ በቆሎው ልክ ነበርሽ» አሉኝ። ከዚያ ሳን ሆዜ ሄጄ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የላቲን አስተማሪ ሆንኩ። አገባሁ፣ ወለድኩ፣ ባሌን ቀበርኩ። ዕድሜ ልኬን ያስተማርኩት ላቲን ነው። በወላጆች ቀን አንድ አባት ክፍሌ ገብተው ዙሪያውን ካዩ በኋላ «የላቲን መምህሩን ፈልጌ ነበር» አሉኝ። «ከፊትዎ ቆማለች» አልኳቸው። ደግመው፣ «አይ፣ የላቲኑን» አሉኝ። ወንበር ሰጥቼ አስቀመጥኳቸውና የልጃቸውን ድክመት አንድ በአንድ አስረዳኋቸው፤ መጀመሪያ በእንግሊዝኛ፣ ከዚያ ለማረጋገጫ በላቲን። ልጃቸው በሚቀጥለው ዓመትም እኔ ዘንድ ተመዘገበ።

ወደ ምግብ ቤቱ ልመለስ። መርዕድ ውሃ ብቻ አዘዘ። የደረሰበትን በአጭሩ ነገረኝ፤ አገር ቤት እንደገባ መታሰሩን፣ ታናሽ ወንድሙ መሞቱን፣ በሱዳን መውጣቱን፣ ተመልሶ እዚሁ መጥቶ እስከ ጡረታው ፓርኪንግ ጋራዥ ውስጥ መሥራቱን። በዚህ ላይ ምንም የምለው የለኝም። እሱ ያየውን እኔ አላየሁም፤ ያን ሁሉ የከፈለ ሰው ፊት ስለ ምድር ቤቱ ቅዳሜ ማንሣትም ነውር መሰለኝ። ያነሣው እሱ ነው።

«ያን ቀን መጀመሪያ እጄን ያነሣሁት እኔ ነኝ» አለ።

«አውቃለሁ። አየሁህ።»

«ተጸጽቻለሁ ብዬ አልዋሽሽም፣ ጽጌ። ያን ጊዜ የነበርኩት ሰው ብሆን ዛሬም አነሣ ነበር።»

ታምኑኛላችሁ? ደስ አለኝ። ይቅርታ ቢለኝ ኖሮ ይቅር ማለት ይኖርብኝ ነበር፤ እሱን ደግሞ አልፈለግኩትም። እሱ ያመነበትን አመነ፤ እኔ ያመንኩበትን አመንኩ። ሁለታችንም አርጅተን አንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀመጥን። ብቻ ያን ቀን ልክ አልነበረም፤ ዛሬም ልክ አይደለም፤ ይህን ደግሞ ነገርኩት። ራሱን ነቀነቀ። መስማማቱ ይሁን አለመስማማቱ አልገባኝም።

የመጣበትን ቆይቶ ተናገረ። ማኅበሩ የተመሠረተበትን ኢዮቤልዩ ሳን ሆዜ ላይ ሊያከብሩ ነው። ከመሥራቾቹ በሕይወት ያለነው ጥቂት ስለሆንን መድረክ ላይ እንድቀመጥ ፈልጓል። «አጭር ስፒች ብታደርጊልን። ስለ ድሮው ጊዜ፣ ስለ ትግሉ» አለ።

«እኔ እኮ የተባረርኩ ነኝ። ውሳኔው ተሽሯል?»

አሰበ። «አልተሻረም። ግን ኮሚቴው ጋ ኮል አድርጌ፣ ተሰብስበን መሻር እንችላለን።»

«አትሻሩት» አልኩት። «እንደተባረርኩ ነው የምመጣው። ስለ ትግሉም አልናገርም። ስለ ጳጳሳቱ እንቆቅልሽ ከፈቀድክልኝ እመጣለሁ።»

«ጽጌ፣ ሰው ይሰለቻል።»

«ይሰልች።»

ውሃውን ጨለጠና ከዘራውን አነሣ። «አሥራ አምስት ደቂቃ» አለኝ ሊሄድ ሲል፤ ድምፁ አሁንም ሊቀ መንበር ነበረ።

ባለፈው እሑድ ልጄ ሩት ይዛኝ ሄደች። ሩት ሳን ሆዜ ነው የምትሠራው፣ ኮምፒውተር ነው ሥራዋ፤ አማርኛ ትሰማለች፣ ስትመልስ ግን በእንግሊዝኛ ነው። ፍሪዌዩ ላይ ወረቀቴን በጎን አየት አደረገችና፣ «እማ፣ ዲስ ኢዝ ኖት ፊፍቲን ሚኒትስ» አለች፤ ይሄ የአሥራ አምስት ደቂቃ አይደለም ማለቷ ነው። «መንገዱን እዪ» አልኳት። ቀሚሴ ነጭ አልነበረም፤ ሰማያዊ ሱፍ ነበር የለበስኩት፣ ለማስተማር እለብሰው የነበረውን። አዳራሹ በር ላይ የሁላችንም የድሮ ፎቶግራፍ በትልቁ ተለጥፎ ነበር፤ ያ ሁሉ አፍሮ፣ ያ ሁሉ ሰፊ ሱሪ። ውስጥ የተቀመጡት ደግሞ ራሰ በራ፣ ሽበት፣ መነጽር፣ ከአንዱ ጆሮ የሚያፏጭ የመስሚያ መሣሪያ። አንዳንዱ ሰላም አለኝ፤ አንዳንዱ አላወቀኝም፤ አንዷ ግን አወቀችኝና ዓይኗን መለሰች፤ ያኔ ወለሉን ያየችው ናት። ሄጄ ሳምኳት። እጄን ይዛ አልለቅ አለች።

መርዕድ አስተዋወቀኝ። «ዶክተር ጽጌ፣ ከመሥራቾቻችን አንዷ» አለ። ማይክሮፎኑን ተቀበልኩትና፣ «በዚህ ማኅበር ውሳኔ የተሰናበትኩ ነኝ፤ ውሳኔው ዛሬም የጸና ነው፤ እንደምን ዋላችሁ» አልኩ። ሳቅ ሆነ፤ ከሳቁም ውስጥ የደነገጠ ነበረበት። ከዚያ ጀመርኩ። ስለ ጉሙ ነገርኳቸው፣ ስለ ብራናው፣ ብርድ ስላደነዘዘው ጣት፣ የናቃቸውን ሰው በቋንቋው ስለረቱት ሰዎች። ጨው በላቲን እንዴት ራሱን እንደሚያስተዋውቅ አነበብኩላቸው፤ ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ ልኩን ጠብቄ፣ አንድም የግጥሙን ምት ሳላጎድል። ሁለት ሰዎች ተነሥተው ወጡ። አንዱ ከፊት ተቀምጦ አንቀላፋ። ከመሐል አንድ ኮፍያ ያደረጉ ሽማግሌ እጃቸውን አውጥተው ተነሡ።

«ይቅርታ ዶክተር፣ ይሄ ነገር ከትግላችን ጋር ምን አገናኘው?» አሉ።

መልስ አዘጋጅቼ ነበር፤ የሚያምር መልስ፣ ሁሉንም የሚያስታርቅ፣ የሁላችንም ነው የሚል። አፌ ላይ ደርሶ ተውኩት።

«ምንም» አልኳቸው። «ምንም አያገናኘውም። ያኔም አያገናኘውም ነበር። ደስ ስላለኝ ነው ያጠናሁት፤ ዛሬም ደስ ይለኛል።»

ሽማግሌው እንደቆሙ ትንሽ አዩኝ፣ ከዚያ ኮፍያቸውን አወለቁና ተቀመጡ። ሩት ከኋላ ሆና ሁለት አውራ ጣቶቿን አነሣችልኝ። መርዕድ ከመድረኩ ጥግ አየኝና የእጅ ሰዓቱን በጣቱ መታ መታ አደረገ። አየሁት፤ ማየቴንም አየ። ውሃ ጠጣሁ፣ መነጽሬን አስተካከልኩ፣ ገጹን ገለበጥኩና ወደ ሁለተኛው ጳጳስ አለፍኩ።